ለ«ሰካራሙ» ልብስ ሰፊ ለደረሳችሁለት ሁሉ

እግዚአብሔር ይመስገን፣ አራት ኪሎ ወደ መኪናዬ ተመልሻለሁ። የስፌት መኪናዬን ማለቴ ነው።

የሰፈሬ ሰዎች፣ ዓመቱን ሙሉ ማታ ማታ የዓይኔ ቆብ ወርዶ፣ ምላሴ ተሳስሮ፣ ግድግዳ እየያዝኩ ስሄድ አይታችሁኛል። «መጠጥ ጀመረ» መባሉንም ሰምቻለሁ። አልተቀየምኩም፤ እኔም ባይ እንደዚያው ነበር የምለው። ጠዋት ግን ደህና ነኝ፤ ሐኪም ቤት የሚኬደው ደግሞ ጠዋት ነው። አንዱ ጋ መነጽር፣ ሌላው ጋ ቫይታሚን ታዘዘልኝ። እራት ላይ አገጬን በእጄ ደግፌ እንጀራ ሳላምጥ አይታ «ይሄስ መጠጥ አይደለም» ያለችው ባለቤቴ ብቻ ናት።

ጥቁር አንበሳ ያዩኝ ወጣቷ ዶክተር፣ «ጋሼ፣ ማታስ እንዴት ነዎት?» ብለው የጠየቁኝ የመጀመሪያዋ እርስዎ ነዎት። ጣሪያውን አፍጥጬ እንዳይ አደረጉኝ፤ ትንሽ ቆይቶ ቀኝ ቆቤ ወረደ። ከጁስ ቤት በረዶ በፌስታል አስመጥተው 2 ደቂቃ ያህል ዓይኔ ላይ ያዙት። ሲያነሱት ዓይኔ ተከፍቷል! ማያስቴኒያ ግራቪስ ይባላል አሉኝ፤ ከበሽታ ሊጠብቀን የተሰጠን የሰውነት መከላከያ ተሳስቶ፣ ጡንቻ የነርቭን ትእዛዝ የሚቀበልበትን ቦታ ያጠቃል። ጡንቻው ሲሠራ ይዝላል፣ ሲያርፍ ይመለሳል። በእኛ ሙያ ፔዳሉም ደህና፣ መኪናውም ደህና፣ ቺንጋው ላልቷል እንደማለት ነው።

ቀጥሎ ያጠፋሁት ራሴ ነኝ። ሽንቴን ሲያቃጥለኝ ሕመሜን ሳልናገር ሲፕሮ የሚባለውን አንቲባዮቲክ ገዝቼ ዋጥኩ። ለካ ይህን በሽታ ከሚያባብሱት መድኃኒቶች አንዱ ነው። ትንፋሽ አጠረኝ፤ 9 ቀን በመሣሪያ ተነፈስኩ። የጽኑ ሕሙማን ነርሶች፣ በተለይ አንቺ መዳፍሽን ዘርግተሽ በጣቴ የጻፍኩትን «ውሃ» ያነበብሽልኝ፣ ውለታሽ አለብኝ። ጠጥቼ አይደለም፣ ከንፈሬን በጥጥ አርሰሽልኝ ነው፤ ግን እንደዚያ የጣፈጠኝ ነገር የለም።

እድርተኞቼ ኮሪደሩ ላይ ተራ ገብታችሁ አድራችኋል። የልጅዎ የሀበሻ ቀሚስ ጠረጴዛዬ ላይ ተቆርጦ የቀረብዎት እናት፣ ሠርጉ ሲደርስ ሌላ ጋ ማሰፋትዎ ሳያንስ፣ የዚህ በሽታ መድኃኒቴ ፓይሪዶስቲግሚን ከገበያ ሲጠፋ ከውጭ አገር በመንገደኛ አስመጡልኝ። የምለው የለኝም። ቀሚሱን ግን ጨርሼዋለሁ፤ ለመልስ ባይደርስ ለክርስትና ይሆናል።

ሌሎች ደንበኞቼ፣ ጨርቃችሁ አልጠፋም። እስከ 8 ሰዓት እሠራለሁ፤ ከዚያ በኋላ መርፌዋ ሁለት ትሆንብኛለች። ጠዋት ኑ።