ለጓደኛዬ፣ ከብዙ ዝምታ በኋላ

እንደምን ሰነበትሽ የኔ እህት? ልጆቹስ ደህና ናቸው?

ስንት ጊዜ ስልኬን አንስቼ ስምሽ ላይ ስደርስ መልሼ አስቀመጥኩት መሰለሽ። ወንድሜን ማሙሽን ከቀበርን ወዲህ ከሰው ጋር ማውራት አቅቶኝ ነበር። ዝምታው እየቆየ ሲሄድ ደግሞ አሳፈረኝ። የልጆችሽ አባት ማረፉን የሰማሁት አርባው ካለፈ በኋላ ነው። ለቅሶ ሳልደርስሽ ቀረሁ። ይቅር በይኝ።

ዛሬ እንድጽፍልሽ ያስገደደኝ ሰሞኑን የሰማሁት ነገር ነው። «መኪናው ገጭቶ አምልጧል፤ ማንን እጠይቃለሁ? ደግሞስ የሱን ደም በብር ልተምን?» ብለሻል አሉ። ይህችን ቃል አውቃታለሁ። እናቴም ያለችው ይህንኑ ነው።

ማሙሽን ገልባጭ መኪና የገጨው በ2011 ዓ.ም. ነበር። የሹፌሩ ዘመዶች ሽማግሌ ይዘው ለቅሶ መጡ። እናቴ ይቅር አለች። ስለ ካሳ ሲነሳ ግን ነጠላዋን ፊቷ ላይ ጣል አድርጋ «የልጄን ደም አልበላም» አለች። ማን ይናገራት? ሁላችንም ዝም አልን። ከሆስፒታል የሰጡንን ፌስታል አልጋዋ ሥር አስገባችው። አንድ እግር ጫማው፣ ቀበቶውና የቤት ቁልፉ ነበሩበት። የትራፊክ ፖሊሱም ወረቀት እዚያው ውስጥ ተረሳ።

የማሙሽ ሚስት እንደምንም ብላ ከመኪናው መድን 40,000 ብር ተቀበለች። ያኔ ይሠራበት በነበረው በአዋጅ ቁጥር 799/2005 ለሞት የሚከፈለው ከ5,000 ያላነሰ፣ ከ40,000 ያልበለጠ ነበር። ሕፃን ይዛ ይህ ስንት ወር ያዘልቃታል? ከዚያ በላይ ያለውን ከመኪናው ባለቤት በፍርድ ቤት መጠየቅ ይቻል ነበር። እኛ እናቴን ስናባብል 2 ዓመት ሞላ። ጠበቃ ዘንድ ስንደርስ «ጊዜው አልፎባችኋል» አለን።

ዓይኔን የገለጠልኝ ግን ያው ጠበቃ ነው። የፍትሐ ብሔር ሕጉን አውጥቶ አስነበበኝ። ሰው ሲሞት የሚጠየቀው ካሳ ሟቹ ለሚስቱ፣ ለልጆቹና ለወላጆቹ ይሰጥ የነበረው ቀለብ ነው። ቀለብ! የደም ዋጋ የሚል የለበትም። ለኀዘኑማ፣ ለሕሊና ጉዳቱ፣ ሕጉ ያስቀመጠው ጣሪያ 1,000 ብር ብቻ ነው። በ1952 ዓ.ም. የተጻፈ ቁጥር። ስሰማው በጣም ተናደድኩ፤ አሁንም ያናድደኛል።

ቤት ገብቼ ለእናቴ ነገርኳት። «እማዬ፣ ይሄኮ ማሙሽ በየወሩ ይዞልሽ የሚመጣው ጤፍ ነው። የልጁ የትምህርት ቤት ክፍያ ነው» አልኳት። ብዙ ዝም ብላ ቆየችና «ምነው ያኔ ብትነግሪኝ?» አለች። ያቺ ቃል እስካሁን አልለቀቀችኝም።

ለአንቺ እንኳ ሳይረፍድ ልንገርሽ። መኪናው ስላመለጠ በሩ አልተዘጋም። ገጭቶ ላመለጠና መድን ለሌለው መኪና ተብሎ የተቋቋመ የመድን ፈንድ አለ። ባለመኪናዎች ለሦስተኛ ወገን መድን ከሚከፍሉት ላይ እየተቀነሰ የሚገባ ገንዘብ ነው። ልመና አይደለም፤ የልጆችሽ መብት ነው። የሚጠየቀውም የመንገድ ደኅንነትና መድን ፈንድ አገልግሎት ዘንድ ነው። ብዙ ብር ይሰጡሻል ብዬ አላታልልሽም። እሱ ያመጣ የነበረውንም አይተካም። ግን የልጆቹ ቀለብ ነውና አትተዪው።

ወረቀቱ ያሰለቻል። የትራፊክ ፖሊስ ማስረጃውን፣ የሐኪሙን ወረቀት፣ የጋብቻችሁን፣ የልጆቹን የልደት ካርድ ከየተቀመጠበት ፈላልገሽ አንድ ላይ አድርጊው። ወራሽነቱን ፍርድ ቤት ሄደን እናወጣለን። ከሆስፒታል የሰጡሽ ፌስታል ካለም ሳትጥዪ ጠብቂኝ። ብቻሽን እንዳትከፍችው።

ቅዳሜ በመጀመሪያው መኪና ተሳፍሬ ደብረ ብርሃን እገባለሁ። ሰኞ ጠዋት አብረን ፖሊስ ጣቢያ እንሄዳለን። ቅዳሜና እሑድ ግን ስለ ወረቀት አናወራም። ቁጭ ብዬ አለቅስልሻለሁ፤ እስካሁን አላለቀስኩልሽም።

የአንቺው