ስለ ሙሴ ነርሲስ ላጫውትህ

ይድረስ ለወንድሜ፣

እንደምን ከርመሃል? እኔ እግዚአብሔር ይመስገን ደህና ነኝ። ዝምታችን ረዘመ። አንተ ክላርኔት፣ እኔ ትራምፔት እየነፋን በአንድ ባንድ ያደግን ነንና፣ ሰሞኑን ልቤን የያዘውን ነገር ካንተ በቀር የምነግረው ሰው አጣሁ።

የሰፈራችን ልጆች ያቋቋሙትን ባንድ እየመራሁ ነው። ባለፈው ሳምንት አንድ የትዝታ ዜማ ለትንፋሽ መሣሪያዎች ላቀናብር ተቀመጥሁ። ታውቃለህ፣ የትዝታ ቅኝት ዶ፣ ሬ፣ ሚ፣ ሶል፣ ላ ነው፤ ፋ እና ሲ የሉበትም። ከመጽሐፍ የተማርነው አጃቢ ድምፅ ግን ሶል፣ ሲ፣ ሬ አብረው የሚሰሙበት ነው። ሲ በገባች ቁጥር ትዝታው ይሸሻል፤ ስትቀር ደግሞ ትሮምቦኖቹ የሚሉት ያጣሉ። ይህ ሲፈታ ለእያንዳንዱ መሣሪያ ኖታውን የመገልበጡ ሥራ ይመጣል። ትሮምቦን እንዳለ ይነበባል፣ ለክላርኔትና ለትራምፔት አንድ ሙሉ ድምፅ ከፍ ተደርጎ ይጻፋል፣ አልቶ ሳክስፎን ሌላ ስሌት አለው። ለአንድ ዘፈን ሌሊቱ ይነጋል።

አርመናዊው የሙዚቃ አቀናባሪና የባንድ መሪ ሙሴ ነርሲስ ናልባንዲያን ትዝ ያለኝ ያኔ ነው። አጎቱን ኬቮርክን ሁሉም ያውቀዋል። በ1916 ዓ.ም. ራስ ተፈሪ ከኢየሩሳሌም ካስመጧቸው ወላጅ አልባ አርመናውያን፣ ከ«አርባ ልጆች» ጋር መጥቶ ባንዳቸውን የመራ፣ ዮፍታሔ ንጉሤ ግጥሙን ለጻፈለት ብሔራዊ መዝሙርም ዜማ የሰጠ ነው። መዝሙሩ እስከ ንጉሠ ነገሥቱ ዘመን ፍጻሜ ተዘምሯል።

እኔ ግን ልቤ ወደ ወንድሙ ልጅ ያደላል። ነርሲስ ዛሬ ቱርክ ውስጥ ባለችው በአይንታብ ተወልዶ፣ ሶርያ ኖሮ፣ አዲስ አበባ ገባ፤ ኢትዮጵያዊ ዜግነትም ወሰደ። የማዘጋጃ ቤቱን ባንድ መራ፤ በኋላም በቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ቴአትር፣ ዛሬ ብሔራዊ ቴአትር በምንለው፣ ሠራ። የአገራችንን ዜማዎች ለብዙ መሣሪያ ያቀናበረው ኮምፒውተር በሌለበት ዘመን ነው። እኔ በአንድ ዘፈን የደከምሁበትን እርሱ የዕድሜ ልክ ሥራው አደረገው። አስብ እስቲ፣ ስንት ሌሊት!

የሚያንገበግበኝ ይህ ነው፤ ስለዚያ ዘመን ሙዚቃ ሲወራ የድምፃውያኑ ስም ይደረደራል፣ የሚነፉትን በኖታ ጽፎ፣ ደጋግሞ አስጠንቶ መድረክ ላይ ያቆማቸው ሰው ግን አይነሣም። ዘፋኙ በካሴት ይቀራል። የባንድ መሪ ሥራ በተጫዋቾቹ ጣትና ትንፋሽ ውስጥ ነው የሚቀረው፤ እነርሱ ሲያልፉ ከወረቀቱ በቀር መረጃ የለም። ወረቀት ደግሞ በእኛ አገር ምን እንደሚደርስበት ታውቃለህ፤ ስኳር ይጠቀለልበታል።

ስለዚህ አንድ ነገር ልለምንህ። ያኔ መምህራችን በእጃቸው የገለበጡልህ የክላርኔት ኖታ፣ ያ ባለ ጥቁር ሽፋን ደብተር፣ ዛሬም አንተ ዘንድ ካለ እባክህ አትጣለው። የእያንዳንዱን ገጽ ፎቶግራፍ አንሥተህ ላክልኝ፤ በተለይ የትዝታዎቹን። እርሳቸው ሲን የት እንዳስገቧት፣ የት እንዳስቀሯት ማየት እፈልጋለሁ።

ለባለቤትህና ለልጆቹ ሰላምታዬን አድርስልኝ።

ወንድምህ