ለቅሶ ያልደረስኩት እህትሽ

ውዴ፣ እንደምን ሰነበትሽ? ሁለት ዓመት ሙሉ ዝም አልኩሽ። እማማ ያረፉ ጊዜ ስልኬን አንስቼ መልሼ አስቀመጥኩት፤ በማግስቱም እንዲሁ። ለቅሶ በስልክ እንዴት ይደረሳል? ቀኑ በገፋ ቁጥር እፍረቴ ባሰ። ይቅር በይኝ።

ዛሬ ብዕር ያስነሳኝ አንድ ፊልም ነው። እዚህ ሻርጃ አብራኝ የምትኖረው ልጅ ከደቡብ ሕንድ፣ ከኬረላ ናት። ቋንቋቸው ማላያላም ነው፤ ፊልማቸውም ልጅ ሆነን ካየነው የሂንዲ ፊልም በጣም ይለያል። ያሳየችኝ በፈረንጆች 2018 የወጣውን «ሱዳኒ ፍሮም ናይጄሪያ» ነው።

ታሪኩ እዚያው ኬረላ ነው፤ ማላፑራም በሚባለው አካባቢ ሰው ለኳስ ነፍሱን ይሰጣል። ሰባት ለሰባት ነው የሚጫወቱት፤ «ሰቨንስ» ይሉታል። ከአፍሪካም ተጫዋች ያስመጣሉ። ታዲያ ከየትም ይምጣ ስሙ «ሱዳኒ» ነው። ሳሙኤል ናይጄሪያዊ ነው፤ ተጎድቶ አልጋ ላይ ሲውል የቡድኑ ኃላፊ ማጂድ ቤቱ ወሰደው። የማጂድ እናትና አንዲት ጎረቤት አስታመሙት። ቋንቋ አይግባቡም፤ እነሱ ግን በማላያላም ያወሩታል፣ ይጨነቁለታል። ሁለቱን እናቶች የሚጫወቱት እዚያው ኬረላ ያለችው የኮዢኮድ ከተማ የቲያትር ሰዎች ናቸው። ትወና አይመስልም፣ እመኚኝ።

ልጅቷ የኬረላ ደቡብ ሰው ስለሆነች «አንዳንዱ ቃል እኔንም ያመልጠኛል» አለችኝ። የማላፑራም ሰው እንደሚያወራው ነው የሚያወሩት። ለሌላው እንዲገባ ብለው አላለሳለሱትም። እኔ የወደድኩት ይህን ነው። ቤቱ የእነሱ ቤት፣ ጎረቤቷም የእነሱ ጎረቤት ሆና ስለተተወች የእኛን ሰፈር እናቶች አየሁባት።

ከዚያ የሳሙኤል አያት መርዶ መጣ። ፓስፖርቱ ጠፍቷል፤ መሄድ አልቻለም።

እዚህ ላይ አልቻልኩም። አልነገርኩሽም እንጂ፣ በዚያ ሰሞን የእኔም ፓስፖርት አሠሪዬ እጅ ነበር። ልምጣ ብልም አልመጣም ነበር። ሳሙኤል እንኳ አጠገቡ እናት ነበረችው። እኔ ወጥ ቤት ገብቼ፣ ውኃውን ከፍቼ ነበር ያለቀስኩት።

ልጅቷ ምንም አልጠየቀችኝም። ሱለይማኒ አፍልታ ሰጠችኝ፤ ያለ ወተት የሚጠጡት ሻያቸው ነው። ያኔ ስለ እማማ ነገርኳት። ጠዋት ጠዋት ፀጉራችንን ሲጎነጉኑ እንዴት እንደሚቆጡን ሁሉ። ሌሊቱን ሙሉ ሰማችኝ።

እሑድ ከሰዓት እደውልልሻለሁ። እንዴት እንዳረፉ፣ ማን ማን እንደነበረ፣ አንቺ እንዴት እንደሆንሽ፣ አንድም ሳታስቀሪ ንገሪኝ። ነፍሳቸውን ይማር።

እህትሽ