ከካትሪና ላወጡን እና ታሪካችንን ለጠበቁልን ሁሉ የምስጋና መልእክት

ከሁሉ አስቀድሞ ከዚያ ውሃ አውጥቶ ለዛሬ ላደረሰን አምላክ ክብር ምስጋና ይድረሰው።

ይህን የምጽፈው በአሜሪካዋ ከተማ በኒው ኦርሊንስ ጃክሰን አደባባይ፣ ከቅዱስ ሉዊስ ካቴድራል ጎን ላለው የፕሬስቢቴር ሙዚየም ሠራተኞች ነው። ለጥበቃዎቹ፣ ለአስጎብኚዎቹ፣ በጭቃ የተበላሸ ዕቃ ተቀብለው ለሚያክሙት ባለሙያዎች። በዚያውም ከተማችንን ባጥለቀለቀው በካትሪና ዐውሎ ነፋስ ጊዜ ለደረሱልን ሁሉ።

ቤቱን ለማታውቁት ወገኖቼ ትንሽ ልበል፤ ዓመቶቹ እንደ ፈረንጆች ናቸው። ስፔኖች ከተማዋን በሚገዙበት ዘመን፣ በ1788 የስቅለት ዕለት የተነሣ እሳት 856 ሕንፃ ሲበላ የካፑቺን መነኮሳቱም ቤት አብሮ ነደደ። በዚያው ቦታ በ1791 አዲስ የካህናት መኖሪያ ተጀመረ። ወጪውን የቻሉት ባለጸጋ ዶን አንድሬስ አልሞናስተር በ1798 ሲያርፉ ሥራው ገና ምድር ቤቱ ላይ ነበር፤ የተጠናቀቀው በ1813 ነው። ካህናቱ ግን ሳይኖሩበት ቀሩ። ለንግድ ተከራየ፣ በ1834 ፍርድ ቤት ሆነ፣ በ1911 ደግሞ ሙዚየም። በ1915 ዐውሎ ነፋስ ጉልላቱን ገንጥሎ ወስዶበታል። የካትሪናን ታሪክ ለማኖር ከዚህ የተሻለ ቤት አይታየኝም።

እኛ የነበርነው ጀንቲሊ ሰፈር ነው። ታክሲ እነዳ ነበር፤ ባለቤቴ የመጀመሪያ ልጃችንን አርግዛለች። ሰኞ ነሐሴ 23 ቀን 1997 ዓ.ም. ነፋሱ ሲበርድ አለፈልን ብለን ተመስገን አልን። ውሃው የመጣው ከዚያ በኋላ ነው። መጀመሪያ በበሩ ሥር እንደ ምንጭ ገባ፤ ጫማ ሳናነሣ ፍሪጁ ተንሳፈፈ። ፊት ለፊታችን የሚኖሩ ጥቁር አሜሪካዊት እናት ከፎቅ መስኮታቸው ተጣርተው፣ በገመድ አስይዘው ወደ ቤታቸው አስገቡን። ያላቸውን ብስኩትና የቆርቆሮ ኮክ ለባለቤቴ ሰጥተው እሳቸው ጦማቸውን አደሩ። እሳቸው ዛሬ በሕይወት የሉም፤ ነፍሳቸውን በአብርሃም አጠገብ ያኑርልን። በማግስቱ በዓሣ ማጥመጃ ጀልባ መጥተው ያወጡን ሁለት ወጣቶችም ስማቸውን እንኳ ሳይነግሩን ወደሌላው ጣሪያ ቀዘፉ። የትም ብትሆኑ እናንተ ናችሁ ይህችን ልጅ ለወግ ለማዕረግ ያበቃችኋት።

ከጎርፉ ሸሽተን የተጠለልንባት የሂዩስተን ከተማ ሐበሾች፣ ውለታችሁ አለብን። አይታችሁን አታውቁም፤ ከመጠለያው መጥታችሁ ወሰዳችሁን። የ1998ን እንቁጣጣሽ ያከበርነው በእናንተ ቤት፣ ባለቤቴም የእናንተን ቀሚስ ለብሳ፣ ቡናው ተፈልቶ ነው። ከአራስ ቤት እስከ ክርስትናው ያላደረጋችሁት የለም።

ወደ ሙዚየሙ ልመለስ። እ.ኤ.አ. በ2010 ስለ ካትሪናና ስለ ዐውሎ ነፋስ የከፈታችሁትን ትርኢት ለማየት ለብዙ ጊዜ አቅም አጥቼ ነበር። የገባሁት ልጄ ስለወተወተችኝ ነው። መጀመሪያ ያገኘነው የፋትስ ዶሚኖን ፒያኖ ነው፤ ሎወር ናይንዝ ዋርድ በሚባለው የከተማዋ ሰፈር ካለው ቤቱ የወጣ፣ ውሃ የበላው። ያኔ ሞተ ተብሎ ተወርቶ በሕይወት የተገኘው ታላቁ ዘፋኝ ማለት ነው። እኔን ያቆመኝ ግን አንድ ሱሪ ነው። ተራ ጂንስ። ባለቤቱ ቢሞት ማንነቱ እንዲታወቅ ስሙንና የሚስቱን ስልክ በእስክሪብቶ ጽፎበታል። ከዚያ ደግሞ ግድግዳው አለ። አንድ ነዋሪ በመንግሥት አፓርታማው ውስጥ ለሳምንታት በማርከር ውሎውን የጻፈበት ነው። ሕንፃው ሊፈርስ ሲል ከልስኑ ጋር ነቅላችሁ አዳናችሁት። የንጉሥ ዘውድ እንኳ ከዚህ በላይ በጥንቃቄ አይያዝም። የድሃ ሰው ግድግዳ እንዲህ ሲከበር በማየቴ አለቀስኩ፤ ልጄም እጄን ያዘችኝ።

ከሁሉ በላይ የማመሰግናችሁ እውነቱን ስለተናገራችሁ ነው። ልጄ ከተማዋን ዝናብ ያጥለቀለቃት ይመስላት ነበር። እናንተ ግን የጎርፍ መከላከያው እንዴት እንደተሰበረ ደረጃ በደረጃ አሳያችሁ። እኛ ሰፈር አጠገብ ባለው የለንደን አቬኑ ቦይ፣ ግድግዳው የቆመበት አሸዋ ነበር፤ ውሃው ከሥር ሰርስሮ ጣለው። ከከተማዋ 80 በመቶው የተጥለቀለቀው ሰው የሠራው ነገር ስላልቻለ ነው። ለዓመታት የእግዜር ቁጣ ነው፣ ለምን ቀድማችሁ አልወጣችሁም ሲባል ለሰማን ሰዎች ይህን በሙዚየም ተጽፎ ማንበብ ምን ማለት እንደሆነ እናንተ ታውቁታላችሁ። ልጄ ቆማ ሁሉንም አነበበች። ፎቅ ላይ ያለውን የማርዲ ግራ (የከተማዋ የካርኒቫል በዓል) አልባሳት ለማየት ጊዜ አልተረፈንም፤ ሌላ ቀን እንመለሳለን።

ኒው ኦርሊንስ የምትመጡ ወገኖች፣ ልጆቻችሁን ይዛችሁ ግቡ። ለሠራተኞቹም አንድ ኢትዮጵያዊ ቤተሰብ እንደሚያመሰግናቸው ንገሩልን።

እግዚአብሔር ይስጥልን፤ ዕድሜና ጤና ይስጣችሁ።

ከነቤተሰቤ፣ ኒው ኦርሊንስ