ባያ ብሩሹን ያስቀመጠችበት ዘመን

ልጄ፣

እንደምን ሰነበትሽ? ትንሹስ፣ ጥርሱ ለቀቅ አደረገው?

ባለፈው በስልክ «እኔ እኮ ድሮ ነው ሰዓሊ የነበርኩት» አልሽኝ። መልስ ልሰጥሽ ስል ልጁ አለቀሰና ዘጋሽው። እንግዲህ በጽሑፍ ይሁን።

ባያ ማሂዲን የምትባል አልጄሪያዊት ሰዓሊ ነበረች። ሥዕሎቿን ስልክሽ ላይ ፈልጊና እያየሽ አንብቢኝ። የተወለደችው በፈረንጆቹ 1931 አልጀርስ አጠገብ፣ ቦርጅ ኤል ኪፋን ነው። የትውልድ ስሟ ፋጥማ ሐዳድ ነው። ወላጆቿን በልጅነቷ አጣች። አያቷ ጋር ሆና በፈረንሳዮች የአበባ እርሻ ላይ ትሠራ ነበር። ትምህርት ቤት አልገባችም። ከዚያ ማርግሪት ካሚና የምትባል ፈረንሳዊት አልጀርስ ቤቷ ወሰደቻት። ቀለምና ወረቀት ያገኘችው እዚያ ነው። ሸክላም ትሠራ ነበር፤ ተረትም ትፈጥር ነበር። አንዱ ተረቷ ከሥዕሎቿ ጋር ፓሪስ ውስጥ ታትሟል።

በኅዳር 1947፣ 16 ዓመት ሊሞላት ጥቂት ሲቀራት፣ ኤሜ ማግ ፓሪስ ባለው ጋለሪው ሥራዎቿን አሳየላት። ፈረንሳዊው ገጣሚ አንድሬ ብሬቶን ስለ እሷ ጻፈላት። በቀጣዩ ዓመት ደቡብ ፈረንሳይ፣ ቫሎሪ በሚገኘው የማዱራ ሸክላ ቤት ስትሠራ ፒካሶ ጎረቤቷ ነበር። ስለ እሷ የሚጽፉ ሰዎች እዚህ ጋ ሲደርሱ ፒካሶን ይዘው ጭልጥ ይላሉ። እኔን ያናድደኛል። ልጅቷ ፒካሶን ሳታውቅ በፊት ነው የራሷን ሴቶች መሳል የጀመረችው።

በ1953 ዳሯት። ብሊዳ ከተማ፣ በ30 ዓመት ገደማ ለሚበልጣት የአንዳሉስ ሙዚቃ ሊቅ፣ ለኤል ሐጅ ማህፉድ ማሂዲን፣ ሁለተኛ ሚስት ሆና። ይሄን አሳምሬ አልነግርሽም፤ እኔ ብሆን አልድርሽም ነበር። ልጆች መጡ፣ በኋላ ስድስት ሆኑ። በ1954 ከፈረንሳይ ጋር የነፃነት ጦርነቱ ተነሳ። ባያ አሥር ዓመት ያህል አልሳለችም። ፓሪስ ያጨበጨበላት ልጅ ብሊዳ ውስጥ ወጥ ስትሠራ፣ ሕፃን ስታጥብ ከረመች። ያኔ ብትጠየቅ፣ እሷም እንዳንቺ «ድሮ ነው» ትል ነበር ይሆናል።

አገሯ ነፃ ወጣች። በ1963 የአልጀርስ የሥነ ጥበብ ሙዚየም ኃላፊ የነበረው ዣን ደ ሜዞንሶል አበረታታትና ብሩሿን አነሳች። አሁን ሁለቱን ዘመን ጎን ለጎን አድርገሽ እይልኝ። ሴቶቹ እነዚያው ናቸው፦ ትልልቅ ዓይን፣ ያጌጠ ቀሚስ፣ ወፍ፣ ዓሣ፣ አበባ። ወንድ የሚባል የለም። ግን አዲስ ነገር ገብቷል። ኡድና ማንዶሊን የመሳሰሉ ባለ ክር የሙዚቃ መሣሪያዎች ሥዕሉን ሞልተውታል። ከየት መጡ? ከባሏ ቤት ነዋ! ባልሳለችባቸው ዓመታት በየቀኑ ስታያቸውና ስትሰማቸው የኖረቻቸው ናቸው። መሣሪያው ራሱ እንደ ወፎቿ ነፍስ ያለው ነው የሚመስለው። እኔ የምወደው ይሄን የኋለኛውን ዘመን ነው። አባትሽ የመጀመሪያውን ይመርጣል፤ እሱ መቼ ተስማምቶኝ ያውቃል።

ከዚያ በኋላ አላቆመችም። በ1990ዎቹ አገሯ በደም ስትታመስ ብዙ አርቲስቶች ተሰደዱ። እሷ ብሊዳ ቀረች። እዚያው በ1998 አረፈች።

ዛሬውኑ ሳይ ልልሽ አይደለም። እንቅልፍ እንኳ እንደማይበቃሽ አውቃለሁ። ግን እነዚያን ቀለሞች ለጎረቤት ልጅ ልስጥ ያልሽውን ተይው። ቦታ ከጠበበሽ ወደ እኔ ላኪልኝ፣ ቁም ሳጥኑ ላይ አስቀምጥልሻለሁ። ቅዳሜ ቅዳሜ ደግሞ ልጁን አምጪልኝ። ብትፈልጊ ተኚ፣ ብትፈልጊ ፀጉርሽን ተሠሪ። ምን እንደሠራሽ አልጠይቅሽም።

ባልሽን ሰላም በይልኝ።

እናትሽ