ሐርድ ዲስኩ አንቺ ጋ ነው አይደል?

አንቺዬ፣

እንዴት ነሽ? ሁለት ዓመት ከምናምን ጠፍቶ "እንዴት ነሽ" ማለት ራሱ ያሳፍራል። ልደትሽ በደረሰ ቁጥር ስልኩን አነሳና መልሼ አስቀምጠዋለሁ። ይቅርታ። በቃ፣ ይቅርታዬ ይቺው ናት። ካስረዘምኳት ወይ ታለቅሻለሽ ወይ ትስቂብኛለሽ፣ ሁለቱንም አልችለውም። ያን ቀን አራት ኪሎ የተባባልነውንም አላነሳም።

እውነቱን ልንገርሽ፣ የጻፍኩት ፈልጌሽ ነው። ናፍቀሽኛልም፣ እሱም ውሸት አይደለም። ግን ፈልጌሽ ነው።

ለስልክ ጥገና ትምህርታችን ገንዘብ ሊደግፉን የሚችሉ ሰዎች አግኝተናል። "የድርጅታችሁን ታሪክ በ1 ገጽ ጻፉልን" አሉ። አንድ ገጽ ምን አላት ብዬ ነበር። ይኸው ሦስተኛ ሳምንቴ። "ድርጅታችን በ2012 ዓ.ም. ተመሠረተ" እላለሁ፣ አጠፋዋለሁ። የቱ ነው ምሥረታው? ንግድ ፈቃድ ያወጣንበት ቀን? ወይስ ፒያሳ ዶሮ ማነቂያ ጋሼ ሱቅ በርጩማ ላይ ወጥተሽ፣ ስልክሽን ከአምፖሉ ገመድ ጋር በፕላስተር አስረሽ የጋሼን እጅ ከላይ የቀረጽሽው ቀን?

ቪዲዮዋን ታስታውሻታለሽ። የስልክ ቻርጅ መሰኪያ ሲቀይር። አውራ ጣቱ ላይ ያቺ የቃጠሎ ጠባሳ ትታያለች። የብየዳ ካውያውን አስጠግቶ ዝም ይላል፣ እኔ ከጎን "አሁን ይነሳል?" እላለሁ፣ እሱ "አታጣድፉት፣ ራሱ ይለቃል" ይላል። ከበሩ አንድ ሰውዬ "ኢርፎን አለ?" እያለ ይጮሃል። አራት ደቂቃ እንኳን አትሞላም። ከዚያ ወዲህ በደህና ካሜራ ስንቱን ቀረጽን፣ እንደሷ የምታስተምር ግን አልወጣችንም።

ቴክኒክና ሙያ ኮሌጅ እያለን 70 በመቶው ተግባር፣ 30 በመቶው ቲዎሪ ነው ሲሉን ነበር። እኛ ግን ሃያ ሆነን በአንድ ጠረጴዛ ዙሪያ ተኮልኩለን የአስተማሪውን ጀርባ አይተን ተመረቅን። አንቺ ያልሽው አንድ ነገር ነው፦ "ካሜራው ከእጁ በላይ ይሁን።" ሥራችን በሙሉ ከዚያች ዓረፍተ ነገር ነው የወጣው።

እና አሁን የምነግርሽ ነገር አለ። አምና አንድ ስብሰባ ላይ መድረክ ላይ አስቀመጡኝ። ሐሳቡ እንዴት መጣልህ ሲሉኝ "አንድ ሌሊት እንቅልፍ እምቢ ብሎኝ..." ብዬ ጀመርኩ። እንዴት ከአፌ እንደወጣ አላውቅም። ሰዉ አጨበጨበ። አይተሽው እንደሆን አላውቅም። አይተሽዋል፣ አውቅሻለሁ።

ሌላውን ታሪክ በቀላሉ ጻፍኩት። መጋቢት 2012 ትምህርት ቤት ሲዘጋ ወደ ቴሌግራም መዞራችንን። ሰኔ ላይ ኢንተርኔት ሲጠፋ ደግሞ ቪዲዮዎቹን ዘፈን ለሚጭኑት ልጆች ሰጥተን ለተማሪው በሚሞሪ ማዳረሳችንን። (እነሱ ባይኖሩ ያኔ አብቅቶልን ነበር፣ የትኛውም ባለሀብት እንደነሱ አልረዳንም።) ቴሌብር በግንቦት 2013 እስኪመጣ ተማሪው የ50 ብር ካርድ ፍቆ ቁጥሩን ሲልክልን፣ አንቺ ለሱቆቹ በ48 ስትሸጪው... ይሄን ግን ማመልከቻው ላይ አላስገባሁትም፣ አይዞሽ።

ገንዘቡ ያስፈልገናል። ሐምሌ 2016 ብሩ ለገበያ ሲለቀቅ፣ የሰርቨር ኪራዩ በዶላር ስለሆነ በጥቂት ወራት ውስጥ እጥፍ ሆነብን። ተማሪው ላይ እንዳንጨምር ደግሞ ግማሹ ገና ሥራ ያልያዘ ነው። ሁለት አሠልጣኝ አሰናብቻለሁ። አንዷ ስትወጣ መፍቻዎቿን አንድ በአንድ ቆጥራ አስረከበችኝ። ያን ቀን ልደውልልሽ ነበር።

የሚፈልጉት ታሪኩን ብቻ አይደለም፣ የመጀመሪያውን ሥራችሁንም አሳዩን ብለዋል። የኔ ኮፒ ከድሮው ላፕቶፕ ጋር ሄዷል። ሱቁም ፈርሷል። ባለፈው በዚያ ሳልፍ የሱቁ በር የቱ ጋ እንደነበር ለመገመት ቆሜ ነበር፣ አዲሱ የእግረኛ መንገድ ላይ፣ አልቻልኩም። የጋሼ እጅ ያለው ያንቺ ጥቁር ሐርድ ዲስክ ላይ ብቻ ነው። እንደልማድሽ ሹራብ መሐል ቀብረሽው ይሆናል።

"መሥራቾች" በሚለው ሥር ስምሽን ከስሜ በላይ ጻፍኩት። ከዚያ ደግሞ ፈራሁ። ሳልጠይቅሽ ማውጣትም ማስገባትም ለምዶብኝ እንዳይሆን ብዬ። አውጣው ካልሽኝ አወጣዋለሁ። እንቅልፍ እምቢ ያለኝን ሌሊት ግን ቀድሜ አውጥቼዋለሁ።

ጋሼ ደህና ነው? ዓይኑስ? አሁንም የማንንም መነጽር አንስቶ ነው የሚሠራው?

ማመልከቻው ሐሙስ ይዘጋል። ማክሰኞ ታናሼን ልላከው፣ ወይስ ራሴ ልምጣ? ራሴ ብመጣ ይሻለኛል። ካልፈለግሽኝ ግን ለሱ ስጪው፣ ደረጃው ላይ አታቁሚው እንጂ።

ያው ነገረኛሽ