የሜዲኬር ጂም፦ ያላችሁን ጠይቁ፣ ለጂም ብላችሁ ግን ፕላን አትቀይሩ

ይድረስ ለተከበሩት አዘጋጅ፣

በየዓመቱ መስከረም ሲጠባ ገጻችሁ በሜዲኬር፣ ማለትም በዋናነት 65 ዓመት ለሞላቸው በሚሰጠው የአሜሪካ መንግሥት የጤና ኢንሹራንስ፣ ማስታወቂያ ይሞላል። አብዛኛው «ነፃ ጥርስ፣ ነፃ መነጽር፣ ነፃ ጂም» የሚል ነው። ማስታወቂያ ማውጣታችሁን አልቃወምም። ገቢ ከሌለ ጋዜጣ አይኖርም። ግን ከማስታወቂያው ጎን ነገሩን በአማርኛ አብራርቶ የሚያስረዳ ጽሑፍ እስካሁን አላነበብኩም። እኔ ሰባ ዓመት ያለፈኝ፣ ከታክሲ ሥራ ጡረታ የወጣሁ ሰው ነኝ። የምጽፈው ሁለት ዓይነት ጉዳት እያየሁ ዝም ማለት ስላቃተኝ ነው። ጂም የመግባት መብት በእጃቸው እያለ የማያውቁ ብዙ እናቶችና አባቶች አሉ። በሌላ በኩል ደግሞ ለዚሁ ጂም ሲሉ የኢንሹራንስ ፕላን ቀይረው የለመዱትን ሐኪም ያጡ አሉ።

ከመሠረቱ ልጀምር። ሜዲኬር ራሱ፣ ማለትም መንግሥት በቀጥታ የሚሰጠው ፓርት ኤ (የሆስፒታል) እና ፓርት ቢ (የሐኪም)፣ የጂም ክፍያ አይሸፍንም። በ1965 ሲቋቋም የታሰበው ለሆስፒታልና ለሐኪም ወጪ ነበር። ጂም የሚገኘው በአብዛኛው በሜዲኬር አድቫንቴጅ በኩል ነው፤ ፓርት ሲ የሚባለው። እሱን የሚያቀርቡት የግል ኢንሹራንስ ኩባንያዎች ናቸው፤ ጂሙን የሚጨምሩትም እነሱ ናቸው። አንዳንድ ሜዲጋፕ የሚባለው ማሟያ ኢንሹራንስም ይሰጣል። ስለዚህ «ሜዲኬር ጂም ይከፍላል» ሲባል ሰምታችሁ ቀይ፣ ነጭና ሰማያዊ የሆነውን የመንግሥት ሜዲኬር ካርዳችሁን ብቻ ይዛችሁ ጂም ብትሄዱ ይመልሷችኋል። ደግሞም አድቫንቴጅ የያዘ ሰው የፓርት ቢን ወርሃዊ ክፍያ መክፈሉን አያቆምም። በ2025 መደበኛው ክፍያ በወር 185 ዶላር ነበር። ከሶሻል ሴኩሪቲ ስለሚቆረጥ ብዙ ሰው ልብ አይለውም። «ነፃ» የሚለውን ቃል ስትሰሙ ይሄን አስታውሱ።

አሁን አድቫንቴጅ ያላችሁ ሰዎች የኢንሹራንስ ካርዳችሁን ገልብጡት። ከጀርባው የአባላት ስልክ ቁጥር አለ። ደውሉና «አማርኛ» በሉ። አስተርጓሚ ያገናኟችኋል። ክፍያ የለውም፣ ልጅ ከሥራ እስኪመለስ መጠበቅም አያስፈልግም። ካላመናችሁኝ ኩባንያው የላከላችሁን ያን ወፍራም መጽሐፍ አውጡና የመጨረሻዎቹን ገጾች እዩ። እዚህ ዲሲ፣ ሜሪላንድና ቨርጂኒያ አካባቢ ከስፓኒሹ፣ ከቻይንኛውና ከቬትናምኛው መሃል በፊደላችን የተጻፈች አጭር አንቀጽ ታገኛላችሁ። የትርጉም እርዳታ በነፃ እንዳለ የምትናገረው እሷ ናት። ብዙ ቤት ውስጥ ያ መጽሐፍ ሳይከፈት ቴሌቪዥኑ ሥር ተቀምጧል።

ስትደውሉ የጂም ጥቅም አለኝ ወይ፣ በየትኛው ፕሮግራም ነው፣ ቤቴ አጠገብ የሚቀበለኝ የትኛው ጂም ነው ብላችሁ ጠይቁ። ፕሮግራሞቹ የተለያዩ ናቸው። በጣም የሚታወቀው ከ1992 ጀምሮ ያለው ሲልቨር ስኒከርስ ነው። ሲልቨር ኤንድ ፊት እና ዋን ፓስ የሚባሉም አሉ። እያንዳንዱ የራሱ የጂም ዝርዝር አለው። ስሙ አንድ ዓይነት ሆኖ አንዱ ቅርንጫፍ የሚቀበል፣ ሌላው የማይቀበል ጂም ስላለ ቅርንጫፉን ለይታችሁ ጠይቁ። የአባልነት ቁጥር ይሰጧችኋል። እሱንና መታወቂያችሁን ይዛችሁ ሄዳችሁ መመዝገብ ነው። ጂሙ መግቢያ ላይ የተቀመጠው ልጅ የባንክ ቁጥር ወይም ክሬዲት ካርድ ከጠየቃችሁ ለምን እንደሆነ ሳትረዱ አትስጡ፤ ለመደበኛ አባል የሚሆን ውል አስፈርሟችሁ ሊሆን ይችላል። የግል አሠልጣኝና የመሳሰለው ተጨማሪ ነገር በአብዛኛው በጥቅሙ ውስጥ የለም። ለእናት ለአባታቸው በየወሩ ከኪሳቸው የጂም የሚከፍሉ ልጆችንም አውቃለሁ። እግዚአብሔር ይስጣቸው፣ ግን መጀመሪያ ካርዱን ያዩት።

ይሄን ሁሉ የምጽፈው ነገሩ ስለሚጠቅም ነው። የኛ ትውልድ እዚህ አገር ምን ሲሠራ እንደኖረ ታውቃላችሁ። ታክሲ ውስጥ፣ ፓርኪንግ ኪዮስክ ውስጥ፣ ሱቅ ካሽ ሬጅስተር ፊት ተቀምጠን ወይም ቆመን ዕድሜያችን አለቀ። ወገባችንና ጉልበታችን ይመሰክራሉ። ልጅ ለማሳደግ ከአገር ቤት የመጡት እናቶች ደግሞ አዲስ አበባ ሳሉ ቤተ ክርስቲያን፣ ገበያ፣ ለቅሶ ቤት፣ ሁሉንም በእግራቸው ነበር የሚሄዱት። እዚህ መኪና የሚነዳ ሰው ካልመጣ ከቤት አይወጡም። ኖቬምበር ሲገባ እስከ ማርች ሶፋ ላይ ናቸው። በረዶውን ይፈራሉ፤ መፍራታቸውም ትክክል ነው። የአሜሪካ የበሽታ መቆጣጠሪያ ማዕከል እንደሚለው ዕድሜያቸው 65 ከደረሰና ካለፈ አራት ሰዎች ውስጥ ከአንድ በላይ የሚሆኑት በየዓመቱ ይወድቃሉ። በዚህ ዕድሜ በአደጋ ለሚደርስ ሞት ዋናው ምክንያትም መውደቅ ነው። ዳሌያቸው ተሰብሮ አልጋ ላይ የቀሩ ሰዎችን ያልጠየቀ ከመካከላችን የለም።

እኔ የምሄድበት ክፍል ውስጥ ወንበሮች ክብ ሠርተው ተደርድረዋል። አስተማሪዋ ለእያንዳንዳችን ትንሽ ኳስ፣ መያዣ ያለው ላስቲክና ቀለል ያለ ክብደት ትሰጣለች። ላስቲኩን እግራችን ሥር አድርገን በሁለት እጅ ወደ ላይ እንስባለን። ከዚያ የሚከብደው ይመጣል። እጅን ደረት ላይ አጣጥፎ፣ ምንም ሳይደገፉ፣ ከወንበሩ መነሣትና ቀስ ብሎ መቀመጥ። ቀላል ይመስላል። ክንዳችሁን አጣጥፋችሁ አሁን ሞክሩት። መጀመሪያ ላይ እኔ አልቻልኩም፣ አጠገቤ የነበረው ጡረተኛ ፖስተኛም አልቻለም። ዛሬ ሁለታችንም እንነሣለን። ይሄ ማለት ከመኪና በር ሳልይዝ እወጣለሁ፣ የመታጠቢያ ገንዳውን ጠርዝ ሳልፈራ እሻገራለሁ፣ ሌሊት ልጄን ሳልጠራ ተነሥቼ ሽንት ቤት እሄዳለሁ ማለት ነው። በኛ ዕድሜ ሌላ ምን እንፈልጋለን? የመንግሥት ጤና መመሪያም የሚለው ይሄንኑ ነው። በሳምንት 150 ደቂቃ ፈጠን ያለ እርምጃን የመሰለ እንቅስቃሴ፣ ቢያንስ ሁለት ቀን ጡንቻ የሚያጠነክር ሥራ፣ ከዚያ በተጨማሪ ሚዛን የሚያስጠብቅ ልምምድ። እርምጃውን ቤት አካባቢም ማድረግ ይቻላል። የጡንቻውንና የሚዛኑን ነገር ግን ብቻውን የሚያደርግ ሰው ትንሽ ነው፤ ለዚህ ክፍሉ ያግዛል።

«በዚህ ዕድሜዬ ጂም? ሰው ምን ይለኛል?» የሚሉ አሉ፣ በተለይ እናቶች። እማማ፣ ማንም ምንም አይልም። ሰፋ ያለ ሱሪ፣ ረዘም ያለ ሸሚዝ፣ ራስ ላይ ሻሽ፣ የማያንሸራትት ስኒከር በቂ ነው። እኔ የምሄድበት ቦታ ሻሽ ያሰሩ ብዙ ሴቶች አሉ። ብቻዎን ከፈሩ ከጎረቤት ጋር ሁለት ሆናችሁ ሂዱ። ሁዳዴን ሲሰግዱ የኖሩ እናቶች ወንበር ላይ ተነሥቶ መቀመጥ አያቅታቸውም፤ ስግደቱ ራሱ ከዚህ የከበደ ስፖርት ነው። አንድ ነገር ግን አደራ። የስኳር መድኃኒት ወይም ኢንሱሊን የምትወስዱ፣ በጾም ቀን ምንም ሳትቀምሱ ጂም አትሂዱ። ስኳራችሁ ወርዶ ልትወድቁ ትችላላችሁ። ከጾሙ በፊት ከሐኪማችሁ ጋር ተነጋገሩ። ረመዳን ለሚጾሙም ያው ነው። ልብ የታመመ፣ በቅርቡ ኦፕራሲዮን የሆነ ሰውም ሐኪሙን ሳይጠይቅ አይጀምር።

አሁን ወደ ሁለተኛው ጉዳት ልመለስ። አንዲት የማውቃቸው እናት የነበራቸው ፕላን ደህና ነበር። አንድ ኤጀንት መጣና «ይሄኛው ጂም አለው፣ የግሮሰሪ ካርድ አለው» ብሎ አስቀየራቸው። ጃንዋሪ ላይ የልብ ሐኪማቸው ጋ ሲሄዱ አዲሱን ኢንሹራንስ አንቀበልም ተባሉ። ሐኪሙ የእሳቸውን ታሪክ ለዓመታት የሚያውቅ ሰው ነበር። ደግነቱ አድቫንቴጅ የያዘ ሰው ከጃንዋሪ 1 እስከ ማርች 31 ባለው ጊዜ አንድ ጊዜ ፕላን መቀየር ይችላል። ልጃቸው ቶሎ አውቃ ወደ ሌላ ፕላን መለሰቻቸው። ሳያውቁ ዓመቱን ሙሉ የሚቆዩ ግን አሉ።

ከዚህ የባሰው ኦሪጂናል ሜዲኬር (ከመንግሥት በቀጥታ የሚገኘው ፓርት ኤ እና ፓርት ቢ) እና ሜዲጋፕ ያለው ሰው ለጂም ብሎ ወደ አድቫንቴጅ ሲሄድ ነው። ስትመለሱ ሜዲጋፑን የሚሸጠው ኩባንያ በአብዛኛው ስቴት የጤናችሁን ሁኔታ ጠይቆ እምቢ ማለት ወይም ማስወደድ ይችላል። ሜዲጋፑን ትቶ ለመጀመሪያ ጊዜ ወደ አድቫንቴጅ ለሄደ ሰው የአንድ ዓመት የመመለሻ መብት አለ፤ ከዚያ በኋላ በሩ ይጠባል። ስለዚህ ፕላን ስትመርጡ ሐኪሜ ኔትወርኩ (ፕላኑ የሚሠራባቸው ሐኪሞች ዝርዝር) ውስጥ አለ ወይ፣ ሆስፒታሌስ፣ መድኃኒቶቼ ሁሉ ይሸፈናሉ ወይ፣ ብታመም በዓመት ከኪሴ ቢበዛ ስንት ይወጣል ብላችሁ ጠይቁ። የጂሙ ጥያቄ ከእነዚህ ሁሉ በኋላ ይምጣ። ኤጀንቱ ሰው ባስመዘገበ ቁጥር ኮሚሽን ይከፈለዋል። ይሄ ወንጀል አይደለም፣ ብዙዎቹም ቅን ናቸው። ግን ሳትጠሩት ስልክ ደውሎ ወይም በር አንኳኩቶ አድቫንቴጅ መሸጥ የተከለከለ መሆኑን እወቁ። እንዲህ ላደረገ ሰው የሜዲኬር ቁጥራችሁን አትስጡ።

ጂም የሌለው ፕላን ያላችሁም፣ ሜዲኬር ገና ያላገኛችሁም አማራጭ አላችሁ። ግሪን ካርድ ይዘው የመጡ፣ እዚህ አገር ያልሠሩ ወላጆች ሜዲኬር ለመግዛት 65 ዓመት መሙላትና እዚህ አገር አምስት ዓመት ያለማቋረጥ መኖር አለባቸው። እስከዚያ ድረስ ካውንቲያችሁ ያለውን የአዛውንቶች ማዕከል ጠይቁ። ከ1965 ጀምሮ ባለው የአረጋውያን ሕግ መሠረት ዕድሜያቸው 60 ለሞላ ሰዎች የሚሰጥ አገልግሎት በየአካባቢው አለ። ታይ ቺና ከመውደቅ የሚከላከሉ ክፍሎች የሚሰጡበት ቦታ ብዙ ነው፤ ዋጋውም ነፃ ወይም ትንሽ ነው። ፓርት ቢ ያለው ሰው ደግሞ ከወደቀ ወይም ጉልበቱ ከደከመ ሐኪሙ አስፈላጊ ነው ካለ ፊዚካል ቴራፒ ያገኛል። የዓመቱን ተቀናሽ፣ ማለትም ኢንሹራንሱ መክፈል ከመጀመሩ በፊት ራሱ የሚከፍለውን፣ ከከፈለ በኋላ የእሱ ድርሻ 20 በመቶ ነው። በዓመት አንድ ጊዜ የሚሰጠው የጤና ምክክር ቀጠሮ ክፍያ ስለሌለው እዚያ ላይ «ወድቄ ነበር» ብሎ መናገር ነው። ልጆቼን አላስጨንቅም ብለው የሚደብቁ አባቶችን ስለማውቅ ነው ይሄን የምጨምረው።

አዘጋጁን የምጠይቀው ይሄ ነው። ኩባንያዎቹ በሚመጣው ዓመት የሚቀየረውን ነገር የሚያስታውቅ ደብዳቤ እስከ ሴፕቴምበር መጨረሻ ይልካሉ። ጂሙ የሚሰረዝ ወይም ፕሮግራሙ የሚቀየር ከሆነ እዚያ ላይ ይጻፋል። መቀየሪያው ጊዜ ከኦክቶበር 15 እስከ ዲሴምበር 7 ነው፣ በኛ ከጥቅምት 5 እስከ ኅዳር 28 መሆኑ ነው። ደብዳቤው ከመጣ በኋላ፣ መቀየሪያው ጊዜ ሳይጀምር ምንም ከማይሸጥ ሰው ጋር ቃለ መጠይቅ አድርጉ። በየስቴቱ ሺፕ የሚባል የሜዲኬር ምክር አገልግሎት አለ። እኛ ቨርጂኒያ ቪካፕ እንለዋለን። በነፃ ነው የሚያማክሩት፣ ኮሚሽን የላቸውም። ከነሱ አንዱን ጠርታችሁ ያልኩትን ሁሉ አስመርምሩ፤ የተሳሳትኩት ካለም አርሙኝ። ከማስታወቂያዎቹ በላይ ደግሞ የሜዲኬርን ቁጥር በትልቁ አውጡልን፦ 1-800-633-4227። በአማርኛ አስተርጓሚ ያነጋግራሉ። ቤተ ክርስቲያኖች፣ መስጊዶችና እድሮችም በዚያው ሰሞን አማካሪ ቢጋብዙ ጥሩ ነው። አሌክሳንድሪያ አካባቢ ለሚዘጋጅ ስብሰባ ወንበር ከመደርደር ጀምሮ አዛውንቶችን በመኪናዬ እስከማመላለስ ድረስ እኔ አለሁ።

ከአክብሮት ጋር፣
አንባቢያችሁ፣ ከአሌክሳንድሪያ፣ ቨርጂኒያ